በጋሼ መኩሪያ ስም የተሠራው ቤት

ዊልስደን፣ ለንደን
መስከረም 20 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለተከበሩ አጎቴ ለጋሼ መኩሪያ፤

ከሁሉ አስቀድሞ የናፍቆት ሰላምታዬ ካሉበት ይድረስዎ። ጉልበትዎ እንዴት ሆነ? ጆሮዎስ? እኔና ልጄ ዳናዊት በጤና አለን፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ቀኑን በአገር ቤት አቆጣጠር የጻፍኩት ዳናዊት ስልኳ ላይ አይታ ነግራኝ ነው። የፈረንጁን ብጽፍ፣ ልክ የፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት እንደነበሩ ጊዜ፣ "አልቀበልም" ብለው እንዳይመልሱብኝ ፈርቼ።

በስልክ ለምን እንዳልነገርኩዎ ይገባዎታል። ተከራይዋ ስልኩን ይዛ እኔ ያልኩትን ጆሮዎ ስር ስትጮህ ግቢው በሙሉ ይሰማል። ይሄ ደግሞ ግቢ የሚሰማው ነገር አይደለም። ስለዚህ ደብዳቤውን ለወይዘሮ ውብነሽ ሰጥቻታለሁ፤ የቤተ ክርስቲያን ጓደኛዬ ናት፣ ለወንድሟ ልጅ ሠርግ እየመጣች ነው። ከጉልበት ቅባቱ ጋር በእጅዎ ታደርስልዎታለች።

ጋሼ፣ እኔና ሳህሉ ልንፋታ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ኖረን። ከሚያዝያ ጀምሮ ክሮይደን ወንድሙ ዘንድ ነው ያለው። ማን ምን አደረገ የሚለውን አልጽፍም፤ እዚህ አገር ፍርድ ቤቱም አይጠይቅም፣ እኔም መናገሩ ደክሞኛል። ችግሬ ሌላ ነው። የወጣ ቀን የቤቱንም ወጪ ይዞት ወጣ። እንደሚያውቁት ፓርክ ሮያል ባለው መጋዘኑ አሥራ አንድ ዓመት በርበሬና ሽሮ በከረጢት ስሞላ ነው የኖርኩት። ደመወዝ የሚባል ግን በስሜ ወጥቶ አያውቅም። "የራስሽ ቤት አይደል እንዴ" ይለኝ ነበር፤ እኔም የራሴ መስሎኝ ነበር። አሁን ወረቀት ሲቆጠር ሥራ ፈት ሆኜ ተገኘሁ። የእጄ አንጓም ስለሚያመኝ በሳምንት ሁለት ቀን ብቻ ሳንድዊች ፋብሪካ እገባለሁ።

ፍቺው እስኪያልቅ ዓመትም፣ ሁለት ዓመትም ይፈጃል ይላሉ። እስከዚያው ባልየው የሚስቱን መኖሪያና የጠበቃዋን ወጪ እንዲከፍል ዳኛ ማዘዝ ይችላል። በእናንተ ቋንቋ ጊዜያዊ ቀለብ መሆኑ ነው። ጠበቃዬ አፕላይ አድርጋልኛለች፤ ቀጠሮው ኅዳር 23 ነው። ሳህሉ ግን ያለውን ሁሉ የሚገልጽበትን ፎርም ሲሞላ "ደመወዜ ይቺው ናት፣ ሌላ ንብረት የለኝም" ብሏል። እርስዎ ያሉበትን የቢሾፍቱን ቤት አልጻፈውም።

ጠበቃዬ ሕንዳዊት ናት። ቤቱ በማን ስም እንደሆነ ስትጠይቀኝ በአጎቴ ስም አልኳት። እኔ የሚከብዳት መስሎኝ ላስረዳ ስጀምር እጇን አነሳችና "ይሄን ለእኔ አታስረጂኝ፣ የአባቴ ሱቅ በማን ስም እንደነበር ብነግርሽ አታምኚኝም" አለችኝ። ዳኛው ግን ሕንዳዊ ላይሆን ይችላል፤ ወረቀት ይፈልጋል።

የምለምንዎ አንድ ነገር ብቻ ነው። ቤቱ በሳህሉ ገንዘብ እንደተሠራ፣ በእርስዎ ስም የተመዘገበው በአደራ እንደሆነ፣ ኪራዩም የእሱ እንደሆነ ጽፈው፣ ፈርመውና አስመስክረው ይላኩልኝ። ከቀጠሮው በኋላ ቢደርስ አይጠቅመኝም።

እግዚአብሔር ጤናዎን ያብዛልኝ።

ልጅዎ ብፅዓት


ቢሾፍቱ
ጥቅምት 19 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለውድ የእህቴ ልጅ ለብፅዓት፤

በመስከረም 20 ቀን የጻፍሽው ደብዳቤ ከነአባሪው፣ ማለትም ከጉልበት ቅባቱ ጋር፣ ተሟልቶ ደርሶኛል። ለጤናሽ እንደምን ሰንብተሻል? የእናትሽ አምላክ አንቺንና ልጅሽን ከክፉ ይሰውራችሁ። እኔ ከጉልበቴና ከጆሮዬ በቀር ደህና ነኝ። አሁን ደግሞ ዓይኔ "እኔስ?" ብሎ ተነሥቷል። ሐኪሙ ጠብታ አዞልኝ ነበር፤ እዚህ ሲገኝ ሲጠፋ ነው። ስሙን በትንሽ ወረቀት ጽፌ ከዚህ ጋር አያይዣለሁ።

የጻፍሽውን ሳነብ አዘንኩ። ሠላሳ አንድ ዓመት መዝገብ ቤት ስሠራ የፍቺ መዝገብ እንደ ጉድ ሲገባና ሲወጣ አይቻለሁ። ሲከፍቱት እየተጣደፉ ነው የሚመጡት፤ ሲዘጋ ግን ወንዱም ሴቷም ውሳኔውን ለመውሰድ እንኳ ጉልበት የላቸውም። ስንቱን የውሳኔ ግልባጭ ባለቤቱ ሳይወስደው አቧራ ሲጠጣ ኖሯል። ሽማግሌ ሞክራችኋል ወይ? የቤተ ክርስቲያናችሁ ሰዎች ምን አሉ? ሳህሉ ክፉ ሰው አልነበረም። እዚህ ሲመጣ ጫማዬን ሳይቀር አይቶ፣ ሳልጠይቀው ቁጥሬን ገምቶ የሚገዛልኝ ሰው ነው።

ስለ ቤቱ የጠየቅሽኝ በደብዳቤ የሚያልቅ ጉዳይ አይደለም። በእጄ የተሰጠኝ አደራ አለ። አደራ የተቀበለ ሰው ባለቤቱ ሳያውቅ አፉን ቢከፍት ሰው አይባልም፤ እናትሽም ብትኖር ይህንኑ ነበር የምትልሽ። ጊዜ ስጪኝ፣ ላስብበት።

ሌላው፣ የውኃ መሳቢያው ሞተር ተቃጥሏል። ተከራዮቹ በየቀኑ በሬ ላይ ይቆማሉ። አሥራ አምስት ሺህ ብር ነው የተባለው። በዚህ ጊዜ ሳህሉን መጠየቅ ደስ አላለኝም። ቢቻልሽ አስቢበት፤ ካልተቻለሽም ቅር አይለኝም።

ዳናዊትን በእኔ ስም ሳሚልኝ።

አጎትሽ መኩሪያ


ዊልስደን፣ ለንደን
ኅዳር 3 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለጋሼ መኩሪያ፤

ጤና ይስጥልኝ። የዓይን ጠብታውን ሁለት ብልቃጥ ልኬያለሁ፤ ከተከፈተ ወር ስለማያልፍ አንዱን ሳይጨርሱ ሌላውን አይክፈቱ። የሞተሩን ግን አልችልም። ካውንስል ታክስ የሚሉት የመኖሪያ ቤት ግብር የሁለት ወር አለብኝ፤ ዛሬ ጠዋት ሦስተኛው ማስጠንቀቂያ መጣ።

ሽማግሌ ላሉት፣ መጥተው ነበር። ሦስት ሆነው፣ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ነጠላቸውን እንደለበሱ። አቶ ኪዳኔ ናቸው የተናገሩት፤ ልጆቻቸውን በሙሉ ክርስትና ሲያስነሱ ምግቡን የሠራሁት እኔ ነበርኩ። "ልጄ፣ ወረቀቱን አንሺው። የሚያስፈልግሽን በእጁ ይሰጥሻል" አሉኝ።

"ስንት ይሰጠኛል?" አልኳቸው።

"እሱንማ እናንተ ትነጋገሩበታላችሁ።"

"መነጋገር ከቻልንማ እናንተ ለምን መጣችሁ?"

ሻይ ጠጡና ተነሡ። ከዚያ ወዲህ ቤተ ክርስቲያን ስሄድ ሴቶቹ ቦታ ይለቁልኛል፤ አክብረውኝ እንዳይመስልዎ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ትናንት የሳህሉ ጠበቃ አንድ ጥቅል ወረቀት ላከ። ሦስተኛው ገጽ ላይ ነሐሴ 2017 የተፈረመ ቃል አለ። ከነትርጉሙ። "በቢሾፍቱ ከተማ የሚገኘው ባለ አንድ ፎቅ ቤት በራሴ ገንዘብ የሠራሁት የግል ንብረቴ ነው" ይላል። ከሥሩ ፊርማዎ አለ። ትርጉሙን ገልብጬ ዋናውን ደጋግሜ አየሁት። የመጨረሻዋን ፊደል እግር እስከ መስመሩ ጫፍ የሚስበው በዓለም ላይ እርስዎ ብቻ ነዎት።

እስከዚህ ድረስ ቢሆን ኖሮ ዝም እል ነበር። ግን ጠበቃው ቀጥሎ ምን እንደጻፈ ያውቃሉ? የጠበቃ ወጪ እንዲከፈልሽ ከፈለግሽ ከየትም መበደር አለመቻልሽን ማሳየት አለብሽ ተብዬ፣ ሁለት ባንክ ለምኜ "አናበድርሽም" የሚል ሌተር ይዤ ነበር። ሰውየው ምን አለ፦ "አመልካቿ ቢሾፍቱ ውስጥ ባለ ፎቅ ቤት ያላቸው ባለጸጋ አጎት አሏት። የጠበቃዋን ወጪ ከእሳቸው ትበደር።"

ከባንኮቹ አምልጬ በእርስዎ ተያዝኩ። ዳናዊት ወረቀቱን አንብባ "ማሚ፣ ጋሼ መኩሪያ ላንድሎርድ ነው እንዴ?" አለችኝ። ከዚያ የሳቅንበት ሳቅ ራሱ አደከመኝ።

ጋሼ፣ ተናድጃለሁ። ልደብቅዎ አልፈልግም። ጥቅምት ላይ ጊዜ ስጪኝ ሲሉኝ ፊርማው ተፈርሞ አልቆ ነበር። የሳህሉ አደራ ሲከብድ እኔ ምን ነበርኩ? እናቴን ባይጠሯት ይሻል ነበር።

ቀጠሮው ሃያ ቀን ቀርቶታል።

ብፅዓት


ዊልስደን፣ ለንደን
ኅዳር 26 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለጋሼ መኩሪያ፤

መልስ አልደረሰኝም። ታመው ይሆን ብዬ በስልክ ተከራይዋን ጠይቄ ነበር፤ "ደህና ናቸው፣ ግቢ ውስጥ ቁጭ ብለው ጋዜጣ ያነባሉ" አለችኝ። እግዚአብሔር ይመስገን።

ቀጠሮው አለፈ። ዳኛዋ ሴት ናት፣ ክፉ አይደለችም። ሳህሉ ፊት ለፊቴ ተቀምጦ አንድም ጊዜ ቀና ብሎ አላየኝም። አንገትጌው ተጣጥፎ ነበር፤ እጄ ሊያቃናለት ሲል አገኘሁት። ሃያ ሁለት ዓመት እንዲህ ነው መሰለኝ፣ እጅ ላይ ይቀራል። ዳኛዋ እስከሚቀጥለው ድረስ የመብራቱንና የጋዙን እሱ እንዲከፍል ብቻ አዘዘች። ስለ አመልካቿ አጎት ንብረት የተለያየ ነገር ስለተባለ ግልጽ ይደረግ ብላ ለጥር 20 ቀጠረች።

ጠበቃዬ ከዚያ በኋላ በዱቤ መሥራት እንደማትችል ነግራኛለች። አልተቀየምኳትም፤ እሷም ኪራይ አለባት። ሳህሉ ጠበቃ ይዞ እኔ ብቻዬን ከቆምኩ የሚሆነው ይታወቃል።

ሌላ የምጽፈው የለኝም። ጠብታው ከበቃዎ ይንገሩኝ።

ብፅዓት


ዱከም
ታኅሣሥ 28 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለልጄ ለብፅዓት፤

ነገ ልደት ነው። ጌታ ለአንቺም ለዳናዊትም በሰላም ያውላችሁ። በሁለት ደብዳቤ የጠየቅሽኝን ዛሬ በአንድ እመልሳለሁ። ውብነሽ ሐሙስ ስለምትመለስ ለእሷ እሰጣታለሁ። አባሪው ሦስት ገጽ ነው፤ ቁጠሪው።

ነሐሴ ላይ ሳህሉ መጣ። ብቻውን። ብቻህን ለምን መጣህ ብዬ አልጠየቅኩትም። ወረቀቱን አስጽፎ ነበር የመጣው፤ "ለግብር ጉዳይ ነው ጋሼ" አለኝ። ሳላነብ ፈረምኩ ብልሽ ደስ ባለኝ፤ ማንም ያምነኛል፣ ዓይኔ ታሟል። ግን አንብቤ ነው የፈረምኩት። ሠላሳ አንድ ዓመት የሰው ፊርማ ሳገላብጥ የኖርኩ ሰው፣ ውሸት መሆኑን እያወቅኩ እግሩን ስቤ ፈረምኩ።

ለምን ብትይኝ፣ አክስትሽ ካረፈች በኋላ የነበርኩበትን ታውቂዋለሽ። የሰው በረንዳ ላይ በመጋረጃ ተከልዬ ነበር የማድረው። ሳህሉ ነው ከዚያ አውጥቶ የዚህን ቤት የሰርቪስ ክፍል የሰጠኝ። የታችኛውንም ቤት ኪራይ "ለመድኃኒትዎ" ብሎ ለእኔ አደረገው። ስምንት ዓመት በላሁት። ስትጽፊልኝ አደራ፣ አደራ ያልኩሽ ለዚህ ነው። አደራው እውነት ነው፣ ግን ከኋላው የተደበቅኩት እኔ ነኝ። ፈርቼ ነበር። በዚህ ዕድሜ እንደገና ዕቃ መሸከም ፈራሁ።

ባለጸጋ አጎት ያሉትን ሳነብ ግን መቀመጥ አቃተኝ። በሕይወቴ አንድ ጊዜ ሀብታም ተባልኩ፣ እሱም አንቺን ለማስራብ ሆነ።

አደራን መብላት ነውር ነው፤ መክዳትም ነውር ነው። መመለስ ግን ይቻላል። እሱን ለማሰብ ወር ሙሉ ፈጀብኝ፤ ዝምታዬን ለዚህ ቁጠሪልኝ። ታኅሣሥ 10 ቀን የሳህሉን እህት ጸዳለን ከአዲስ አበባ አስጠራሁ። ሁለት የዕድር ሽማግሌዎች ቁጭ ብለው እያዩ ካርታውን፣ የባንክ ደብተሩን፣ የሰባቱን በር ቁልፍ ቆጥሬ አስረከብኳት። በጽሑፍ ተረከበችኝ። "ለወንድምሽ ንገሪው፤ ንብረቱን በሙሉ ተቀብሏል፣ ከዛሬ ጀምሮ የእሱ አደራ እኔ ዘንድ የለም፣ የፈረምኩለትንም ውሸት እመልሳለሁ" አልኳት። ከኋላው አልሄድኩበትም። አስቀድሜ ነገርኩት።

ከዚያ ሰነድ ማረጋገጫ ሄጄ አዲሱን ቃሌን ሰጠሁ። አንደኛው ገጽ እሱ ነው፦ ቤቱ የሳህሉ እንደሆነ፣ ገንዘቡ ከየትኛው ባንክ በየትኛው ቀን እንደመጣ፣ የነሐሴው ቃሌ ሐሰት እንደነበር። ሁለተኛው ጸዳለ የተረከበችበት ነው። ሦስተኛው የካርታው ኮፒ ነው። ጸሐፊው ወጣት "አባባ፣ ይሄ እኮ እርስዎንም ሊያስጠይቅ ይችላል" አለኝ። ይጠይቁኝ፤ ፍርድ ቤት ለእኔ አዲስ ቦታ አይደለም።

የሞተሩን ነገር ተይው፤ አሁን አያስፈልገኝም። እዚህ አየሩ ደረቅ ነው፣ ለጉልበቴ ተስማምቶኛል። ጠብታውም አለኝ።

የበደልኩሽን ይቅር በይኝ።

አጎትሽ መኩሪያ


ዊልስደን፣ ለንደን
የካቲት 2 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለተከበሩ አጎቴ ለጋሼ መኩሪያ፤

የእግዚአብሔር ሰላም ካሉበት ዱከም ድረስ ይምጣልዎ። ሦስቱም ገጽ ደርሶኛል፤ እንዳሉኝ ቆጥሬ ተቀብያለሁ።

አድራሻውን ሳይ ነው ነገሩ የገባኝ። ደብዳቤውን ከላይ እስከ ታች ብፈልገው ክፍሉን ስለመልቀቅዎ አንዲት ቃል የለም። ውብነሽን አስጨንቄ ጠየቅኳት። ቁልፉን ያስረከቡ ዕለት ጸዳለ የሰርቪሱንም ቁልፍ መቁጠሯን፣ ፍራሽዎን በባጃጅ ጭነው መሄድዎን፣ አሁን አንድ ወፍጮ ቤት ጀርባ መከራየትዎን ነገረችኝ። "አትንገሪያት ብለውኛል" አለችኝ፤ ከዚያም አለቀሰች፤ እኔም አብሬያት። ይቅር በይኝ ላሉኝ፣ ኅዳር ላይ የጻፍኩልዎን ሳስበው ይቅር ይበሉኝ ማለት ያለብኝ እኔ ነኝ።

ጥር 20 ቀረብን። ዳኛዋ የቤቱን ጉዳይ ዛሬ አልወስንም፣ ወደፊት በዋናው ክርክር ይታያል አለች። ግን የእርስዎን ቃል ሁለት ጊዜ አነበበችው። "እኚህ ሰው የሚያበድሩት ገንዘብ እንደሌላቸው ግልጽ ነው" አለች። የሳህሉ ጠበቃ ሊናገር ተነሥቶ ሳህሉ በእጁ አስቀመጠው። ለምን እንደሆነ አላውቅም። ምናልባት አስቀድመው ስለነገሩት ይሆናል። ጠበቃዬ እንዲከፈላት ዘጠኝ ሺህ ፓውንድ በሦስት ጊዜ፣ ለእኔ ደግሞ በየወሩ አንድ ሺህ አንድ መቶ ሃምሳ እንዲከፍል ታዘዘ። ጊዜያዊ ነው፣ ፍቺው እስኪያልቅ። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ወጥቼ አውቶቡስ ማቆሚያው ላይ ተቀመጥኩና ሁለት አውቶቡስ አለፈኝ።

አንድ ነገር ልንገርዎ። ከቀጠሮው በፊት የወር ወጪዬን ዝርዝር ስናዘጋጅ "የአጎቴ የቤት ኪራይ" ብዬ አስገብቼ ነበር። ጠበቃዬ ሰረዘችው። "ይገባኛል፣ ግን ፍርድ ቤቱ አጎት አይቀልብም" አለችኝ። እኔም ይሰረዝ አልኩ፤ ልከራከራት አቅም አልነበረኝም። ዳኛዋ ዝርዝሩን ስታይ ምግብ የሚለው ላይ ደረሰችና ቀና አለች። "በዚህ ገንዘብ የሚኖረው ስንት ሰው ነው?" ብላ ጠየቀችኝ።

"ሦስት ነን" አልኩ።

አስተርጓሚው፣ የእኛው አገር ልጅ ነው፣ ዞር ብሎ አየኝ። ጠበቃዬ ክንዴን ነካች። ዳኛዋ ሦስተኛው ማን ነው ብትል አጎቴ ነው፣ ዱከም ነው የሚኖረው አልኳት። ሳህሉ ያኔ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብሎ ያየኝ። ዱከም መሆንዎን እሱም አልሰማም ነበር መሰለኝ። ዳኛዋ "እኔ ልቆጥር የምችለው ሁለት ነው" ብላ ሁለት ብላ ጻፈች።

ትጻፍ። እኔ የማካፍለው በሦስት ነው። የመጀመሪያው ወር ትናንት ገብቷል። የክፍልዎ ኪራይ በወር በስንተኛው ቀን እንደሚከፈል ይጻፉልኝ።

ልጅዎ ብፅዓት